«እብዱ ገዳይ» የቱ ነው?

ውድ አዘጋጅ፣

ባለፈው ሳምንት ስለ ጃፓኑ ፊልም «ኪዩር» ያወጣችሁትን ጽሑፍ አነበብኩት። ዳይሬክተሩን ኪዮሺ ኩሮሳዋን የታዋቂው የጃፓን ዳይሬክተር የአኪራ ኩሮሳዋ ልጅ አድርጋችሁታል። ሁለቱ ስም ተጋሩ እንጂ አይዛመዱም። እሱስ በአንድ መስመር እርማት ያልቃል። እኔን ያቃጠለኝ ርዕሱ ነው። «የቶኪዮው እብድ ገዳይ» ትላላችሁ። ከሥሩ ደግሞ «እብድ» የሚለው ቃል ስድስት ጊዜ ተደግሟል። ቆጥሬዋለሁ።

ለመሆኑ ጸሐፊው ፊልሙን እስከ መጨረሻው አይቶታል? እኔ ሁለት ጊዜ አይቼዋለሁ። በ1997 እ.ኤ.አ. የወጣው ይህ ፊልም ላይ የሚገድሉት እነማን ናቸው? አንድ መምህር ሚስቱን ይገድላል። አንድ ፖሊስ የሥራ ባልደረባውን ተኩሶ ይጥላል። አንዲት ሐኪምም ሰው ትገድላለች። ሁሉም ሥራ ያላቸው፣ ጎረቤት የሚያምናቸው ሰዎች ናቸው። ሟቾቹ ላይ የኤክስ ምልክት ይቀርጻሉ፤ ለምን እንዳደረጉት ግን ራሳቸውም ማስረዳት አይችሉም።

ከግድያዎቹ በፊት ማሚያ የሚባል ወጣት ምንም የማያስታውስ ሆኖ ወደ እነዚህ ሰዎች ይመጣል። ላይተር ይለኩሳል፣ ውሃ ያፈሳል፣ «አንተ ማነህ?» እያለ ይጠይቃል። ሰዎቹን እያፈዘዘ ነው፤ ሂፕኖሲስ የሚሉት። ነገር ግን ግድያዎቹን የሚያጣራውን መርማሪ ፖሊስ የሚያማክረው የሥነ አእምሮ ሐኪም፣ ሰውን በማፍዘዝ ብቻ የማይፈልገውን ክፉ ነገር ማሠራት እንደማይቻል ይናገራል። ፊልሙን አስፈሪ ያደረገው ይኸው ነው። ቁጣው ቀድሞም በውስጣቸው ነበር። ልብስ ንጽሕና ቤት ውስጥ ብቻውን በንዴት የሚያጉረመርመውን ሰው አስታውሱት፤ ሠራተኛው ሲመለስ ፀጥ ይላል። ማንም «እብድ» አይለውም።

ሐኪም የሚከታተላት የአእምሮ ሕመምተኛ የመርማሪው የታካቤ ሚስት ፉሚዬ ናት። ባዶ የልብስ ማጠቢያ ማሽን ታስነሳለች፣ እሱ ያጠፋዋል። ማንንም አትጎዳም። መጨረሻ ላይ ለአፍታ ብልጭ ብሎ የሚታየው የእሷ ሬሳ ነው። ጽሑፋችሁ ላይ ስሟ እንኳ የለም! ገዳዮቹን «እብድ» አላችሁ፣ የታመመችውን ረሳችኋት።

ይህን ሁሉ የምጽፈው ወንድም ስላለኝ ነው። ስምንት ዓመት ታሟል። ጸበልም ሄደናል፣ መድኃኒቱንም ይወስዳል። ሲብስበት ከሌሊቱ አሥራ አንድ ሰዓት ይነሳና ንጹህ ሸሚዙን ሳፋ ውስጥ ነክሮ ያጥባል። እጁ በብርድ እስኪቀላ ድረስ ያሻል። እኔ ተነስቼ ሸሚዙን እቀበለዋለሁ፣ ጨምቄ ገመዱ ላይ አሰጣለሁ። በነጋታው እዚያው ሸሚዝ ላይ ነው። የፉሚዬን ማሽን ሳይ ያለቀስኩት ለዚህ ነው። ታካቤ አንድ ቀን ምርር ብሎ ሲፈነዳ ደግሞ አፈርኩ። ስለደከመኝ ብቻ እኔም ወንድሜ ላይ ጮኼበት አውቃለሁ።

ጽሑፋችሁ በወጣ በሁለተኛው ቀን አከራያችን ስልኳን ይዛ በራችንን አንኳኳች። «አየሽ እህቴ፣ ይኸው እኮ ተጽፏል። እኔም ልጆች አሉኝ» አለችኝ። ክፉ ሴት አይደለችም። በበዓል ዳቦ ትልክልናለች። ወንድሜ ልጆቿን ተቆጥቶ እንኳ አያውቅም። እኔ ስለ ፊልሙ ላስረዳት ሞከርኩ። እሷ ግን ርዕሱን በጣቷ ነካ ነካ አድርጋ አሳየችኝና እስከ ወሩ መጨረሻ ቤቱን እንድንለቅ ነገረችኝ።

እናንተ ዘንድ አንድ ቃል ነው። ጠቅ የሚያደርግ ሰው ያመጣል። እኛ ዘንድ ዕቃ ያስጭናል።

ስለዚህ ጥያቄዬ አንድ ነው። ርዕሱን ቀይሩት። ነገ ዛሬ ሳትሉ ቀይሩት። ሰሞኑን ቤት እየፈለግሁ ነው፤ የሚቀጥለው አከራይም ስልክ አለው።

የዘወትር አንባቢያችሁ
ከአዲስ አበባ