ተዋናይ መራጮችም ይጠቀሱ

ይድረስ ለክቡር አዘጋጅ፣

ስለ ፊሊፒንስ ሲኒማ ሲጻፍ ዳይሬክተሩና ተዋናዮቹ ይወደሳሉ፤ ተዋናይ መራጩን ግን የሚያነሳው የለም። ይህ ያሳዝነኛል። ፊሊፒናዊቷ ተዋናይ ዶሊ ዴ ሊዮን ለበርካታ ዓመታት በቲያትር መድረክና በትንንሽ የቴሌቪዥን ሚናዎች ስትደክም ኖራ፣ እ.ኤ.አ. በ2022 የካን ፊልም ፌስቲቫልን ከፍተኛ ሽልማት ባገኘ ፊልም ዓለም አወቃት። በሩን የከፈተላት ማኒላ ውስጥ የተካሄደ የተዋናዮች ፈተና ነው።

ቀላ ያለ መልክ ለረጅም ዘመን በተመረጠበት በዚያ አገር፣ ማን ለካሜራ ይቅረብ የሚለው ውሳኔ ከባድ ነው። ጠይሟ ተዋናይ ኖራ አውኖር ያን ልማድ ሰብራ ታላቅ ኮከብ ሆናለች፤ ዕድሉን ያላገኙት ግን ስንት ይሆኑ? ኦስካር እንኳ ለተዋናይ መራጮች ሙያ ሽልማት የመደበው ከ2026 ጀምሮ ነው። እባክዎ፣ የፊልም ዓምዳችሁ የመራጮቹንም ስም ያውጣ።

አክባሪዎ፣ የዘወትር አንባቢ