ሳትታይ አትዋጥ

ይድረስ ለልጄ፣

እንደምን ሰንብተሃል? እኔ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነኝ፤ ጉልበቴን ተወው። ደህና አለመሆንህን የሰማሁት ከእህትህ ነው። አንተማ «ሰላም ነው ማሚ» ብለህ ስልኩን ትዘጋለህ። ከፋሲካ ወዲህ ሱሪህ እየሰፋህ ነው አለችኝ። ትራኩ ውስጥ ኦሜፕራዞል የሚባለው የጨጓራ አሲድ መቀነሻ አይጠፋም፣ ስድስት ወር አልፎታል አለችኝ።

እዚያ አገር ያለ ማዘዣ እንደሚሸጥ አውቃለሁ። ግን ካርቶኑን ገልብጠህ አንብበው፤ ለ14 ቀን ነው የሚለው። አንተ ስንት 14 ቀን እንደዋጥክ ቁጠርና ንገረኝ።

ልጄ፣ ሳትታይ አትዋጥ። መድኃኒቱ ክፉ ሆኖ አይደለም። አሲዱን ሲቀንሰው ካንሰር ያለበት ቁስል እንኳ ላይ ላዩን ሊሽር ይችላል። ሕመሙ ጋብ ይላል፤ ሰውየው ዳንኩ ብሎ ቁጭ ይላል።

አጎትህን ታስታውሰዋለህ? ስድስት ዓመትህ ነበር። ጥምቀት ላይ ትከሻው ላይ አስቀምጦ ጃንሜዳ የወሰደህ። «ጨጓራዬ ነው» ይል ነበር። እኔ ቀኑን ሙሉ ፓቶሎጂ ክፍል፣ ከሕመምተኛ የተወሰደ ናሙና በሚመረመርበት፣ የሰው ሥጋ ስቆርጥ የምውል ሴት ምን አደረግኩ? አብሽ መትቼ ሰጠሁት። በርበሬ ቀንስ አልኩት። ሁለት ጉርሻ ጎርሶ ጠገብኩ ማለት ሲጀምር እንኳ ሥራ በዝቶበት ነው አልኩ። ዓመት ሙሉ!

በስንት ጭቅጭቅ ኢንዶስኮፒ ተነሣ፤ በጉሮሮ ካሜራ አስገብተው ጨጓራውን አዩት። ናሙናው እኛ ክፍል መጣ፤ ፎርማሊን ውስጥ፣ የሰሊጥ ፍሬ የሚያካክሉ ቁራጮች። ብልቃጡ ላይ ስሙን አነበብኩ። ለሌላ ሰው ልስጠው ብዬ ነበር፤ እጄ እምቢ አለ። ፓራፊን የሚሉት ሰም ውስጥ አስገባሁት፣ በማይክሮቶም ቆረጥኩት። የሚሊሜትር አራት ሺኛ ያህል ስስ ነው፤ ትንፋሽ ያበረዋል። ቀለም ነክሬ በማይክሮስኮፕ አየሁት። ማየት የእኔ ሥራ አልነበረም፤ የሐኪሙ ነው።

ሕዋሶቹ በዝልግልግ ፈሳሽ ተሞልተው ኒውክለሱ፣ የሕዋሱ እምብርት፣ ዳር ተገፍቷል። ልክ ቀለበት ከነፈርጡ። ሐኪሞቹም የማኅተም ቀለበት ነው የሚሏቸው። ያን ቀን ማታ የጋብቻ ቀለበቴን አወለቅኩ። አባትህ ሲጠይቀኝ ጠበበኝ አልኩት።

የጨጓራ ካንሰር አንድ በሽታ እንዳይመስልህ። ላውረን የሚባል የፊንላንድ ፓቶሎጂስት በ1965 በሁለት ከፍሎታል፤ እስከ ዛሬ ይሠራበታል። አንዱ አንጀት መሰሉ ነው። ኤች ፓይሎሪ የሚሉት ባክቴሪያ ጨጓራውን ለዓመታት ያቆስላል፣ ገጹ ይሳሳል፣ በጨጓራ ሕዋስ ፋንታ የአንጀት ዓይነት ሕዋስ ይበቅላል፣ ያም መልኩ ይበላሽና ካንሰር ይሆናል። ረጅም መንገድ ነው፤ ለሚታይ ሰው ጊዜ ይሰጣል።

ሁለተኛው የተበታተነው ነው። ሕዋሶቹ እጅ ለእጅ አይያያዙም። አንድ በአንድ ግድግዳው ውስጥ ይሰርጋሉ። ጨጓራው እንደ ስልቻ ይደድራል፣ አልለጠጥም ይላል። ሁለት ጉርሻ የሚያጠግበው ለዚህ ነው። ገጹ ደህና ሊመስል ስለሚችል ከላይ የተቆነጠረ ናሙና ሊስተው ይችላል። የአጎትህ ይሄ ነበር። 38 ዓመቱ ነበር። አንተ በጥቅምት 34 ትገባለህ።

ከዚያ ወዲህ ብዙ አከፋፈል መጥቷል፤ በ2014 ደግሞ ዘረመሉን መርምረው አራት አድርገውታል። እኔ የማውቀው የላውረንን ነው፤ ለአንተም ይበቃሃል።

አሁን ልብህ ሲመታ ይሰማኛል። ተረጋጋ የኔ ጌታ። እጄ ላይ ካለፈው የጨጓራ ናሙና አብዛኛው ካንሰር አልነበረም። የአንተም ጨጓራ ብቻ ይሆናል። ግን ሳትታይ አትዋጥ!

ሰኞ ደውለህ ቀጠሮ ያዝ። ለሐኪሙ «የእናቴ ወንድም በ38 ዓመቱ በተበታተነው ዓይነት ሞቷል» በል፤ ቃሉን እንዳለ ተናገር። ክብደት መቀነስህን እንዳትደብቅ። ለኤች ፓይሎሪ ከመመርመርህ ሁለት ሳምንት በፊት ኦሜፕራዞል መቆም አለበት፤ አለዚያ እያለ የለም ሊል ይችላል። ኢንዶስኮፒ ቀን ማደንዘዣ ስለሚሰጡህ አትነዳም። ጓደኛህ ያድርስህ፣ ጓደኛህ ይመልስህ። ሰገራህ እንደ ሬንጅ ከጠቆረ ቀጠሮ አትጠብቅ፤ ወዲያውኑ ሆስፒታል ሂድ።

ሌላም አለ። ሕዋሶችን የሚያያይዘው ፕሮቲን የሚሠራበት ዘረመል ሲበላሽ ይሄ ዓይነት በዘር ይተላለፋል። በ1998 ኒውዚላንድ ውስጥ በአንድ የማኦሪ ቤተሰብ ላይ ነው ያገኙት። አብዛኛው ሰው ላይ በዘር አይመጣም። ቢመጣ ግን ከአጎትህ ቤት ወደ አንተ የሚያልፈው በእኔ በኩል ነው። ስለዚህ ደሜን የሚመረምሩበትን ቦታ እያጠያየቅኩ ነው። ለእህትህ ገና አልነገርኳትም፤ አንተም ዝም በል።

ውጤቱ ሲመጣ «ደህና ነው አሉኝ» ብለህ አትላክልኝ። የፓቶሎጂውን ወረቀት ፎቶ አንሥተህ ሙሉውን ላክ። ስንት ቁራጭ እንደወሰዱ፣ ከየት እንደወሰዱ ራሴ አነባለሁ።

ሁለት ኪሎ በርበሬ በሰው ልኬልህ ነበር። እህትህ ጋ ይቀመጥ። ታይተህ ስትጨርስ ትወስደዋለህ።

እናትህ