ሰብሊዬ፣ ከማክሰኞ በፊት

ሰብሊዬ፣

ይህን ያህል ጠፍቼ ዛሬ በጭንቀቴ ስመጣብሽ አፍራለሁ። ይቅር በይኝ። የእትዬን ለቅሶ አለመድረሴን ግን በወረቀት አልወጣውም፤ ፊት ለፊት ቁጭ ብለን ነው።

አንዲት ወጣት ዳይሬክተር ለመጀመሪያ ፊልሟ መርጣኛለች። ገንዘቡ ትንሽ ነው፤ እሱ አያስጨንቀኝም። ጽሑፉን ሳገላብጥ ግን ንግግር የሚባል የለም። ሴትየዋ ልብስ ታጥፋለች፣ ሽንኩርት ትከትፋለች፣ ትቀመጣለች። እኔ በድምፄ የኖርኩት፣ ድምፄን ሲወስዱብኝ ምን ይቀረኛል?

ፈረንሳዊቷን ተዋናይት ዴልፊን ሴሪግን በፊልም አሳይተሽኝ፣ አንቺ ስታለቅሺ «ድንች መላጥ ምን ያስለቅሳል?» ብዬ የተከራከርኩሽን አስታወስኩ። እውነቱ ካንቺ ጋር ነበር። (ይኸው በጽሑፍ አገኘሽው፤ ዓመት ሙሉ ስታነሺብኝ ይታየኛል።)

ያንኑ ፊልም፣ «ዣን ዲልማን»ን፣ ሰሞኑን ደግሜ አየሁት፣ 201 ደቂቃውን ሳልነሳ። በዳይሬክተሩ በአላን ሬኔ ፊልሞች የገነነች፣ በ1963 እ.ኤ.አ. በቬኒስ የምርጥ ተዋናይት ሽልማት የተቀበለች ሴት፣ በ1975 የ24 ዓመቷን ዳይሬክተር ሻንታል አከርማንን ተማምና ብራስልስ አንዲት ወጥ ቤት ገባች። በሁለተኛው ቀን ድንቹ ከልክ በላይ ይበስልባታል፤ ድስቱን ይዛ ከክፍል ክፍል ትዞራለች፣ የት እንደምታኖረው ጠፍቷት። አትጮህም። እኔ ግን ትንፋሼ ቆመ።

ልምምዳቸው ተቀርጿል። ሴሪግ እያንዳንዱን እንቅስቃሴ ለምን እንደምታደርገው ትጠይቃለች፣ ደግማ ትጠይቃለች፤ አከርማን መልስ ያጥራታል። እዚያ ላይ ነው የቆምኩት። ያ ዝምታ ታዘው የገቡበት አይደለም፣ ተሟግተው ያገኙት ነው። ደግሞ ሴሪግ በዚያው ሰሞን ራሷ ዳይሬክተር ሆና፣ ጄን ፎንዳንና ማሪያ ሽናይደርን ጨምሮ ከ20 በላይ ተዋንያትን «ወንድ ብትሆኚ ኖሮ ተዋናይ ትሆኚ ነበር?» እያለች ጠይቃለች። የፊልሙም ስም «ቆንጆ ሁኚና ዝም በይ» ነው። እንዲህ ዓይነቷ ሴት ዝም ስትል፣ ዝምታው የራሷ ነው።

እንግዲህ ጥያቄዬ... እንዴት ልበልሽ። ይህቺን ልጅ በየመስመሩ «ለምን?» ብላት ትሰበርብኛለች ብዬ እፈራለሁ። ካልጠየቅኋት ደግሞ ሽንኩርት ከመክተፍ አላልፍም። አንቺ ጀማሪዎችን አስተምረሻል፤ የሚጎዳውን ጥያቄ ከሚረዳው ትለያለሽ።

ማክሰኞ መልስ እሰጣታለሁ። ከዚያ በፊት ደውዪልኝ፣ ሌሊትም ቢሆን። ቁጥሬ ያው ነው።

የአንቺው
ሂሩት