የኬራላን መሬት ስታነሱ ጎውሪ አማን የት ጣላችኋቸው?

ውድ አዘጋጅ፣

በቅርቡ ስለ ህንዷ ክፍለ ግዛት ስለ ኬራላ ያወጣችሁትን ጽሑፍ ሁለት ጊዜ አነበብኩት። ጥሩ ነው። ትምህርቱም፣ ጤናውም፣ የመሬት ሕጉም ተነስቷል። በ1957 በምርጫ ሥልጣን የያዘው የኮሚኒስት መንግሥትና መሪው ናምቡዲሪፓድም በስም ተጠርተዋል። (ዓመቶቹን እንደ እናንተው በፈረንጅ አቆጣጠር እጽፋለሁ።) የመሬት ሕጉን ይዘው ምክር ቤት የገቡት ሚኒስትር ግን አንድ መስመር እንኳን አልደረሳቸውም። ሴት ናቸው። ኬ አር ጎውሪ ይባላሉ። የአገራቸው ሰው «ጎውሪ አማ» ይላቸዋል። «አማ» በማላያላም ቋንቋ እናት ማለት ነው፤ እኛ «እማማ» እንደምንለው።

ስማቸውን መጀመሪያ የሰማሁት ከሒሳብ አስተማሪያችን ነው። በዚያ ዘመን የተማረ ያውቀዋል፤ ህንዳዊ መምህር የሌለበት ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ጥቂት ነበር። ብዙዎቹም ከኬራላ የመጡ ናቸው። ዘጠነኛ ክፍል ነበርኩ። ታላላቆቻችን ዘመቻ ወጥተዋል። የመሬት አዋጁ በተነገረ ሰሞን አስተማሪያችን ጠመኔያቸውን አስቀምጠው «በእኛ አገር የዚህ ሕግ ሚኒስትር ሴት ነበረች» አሉን። ሳቅንባቸው። ሴት ሚኒስትር፣ ያውም የመሬት! ዛሬ ሳስበው አፍራለሁ።

ጎውሪ አማ በ1919 በአላፑዣ አካባቢ ተወለዱ። ኤዣቫ ከሚባለው ወገን ናቸው። አካባቢው ያኔ በነበረበት በትራቫንኮር ንጉሣዊ ግዛት ዝቅ ተደርጎ የሚታይ ወገን ነበር፤ እስከ 1936 ድረስ የመንግሥቱን ቤተ መቅደሶች ደጃፍ መርገጥ እንኳን አይፈቀድለትም። እሳቸው ግን ሕግ ተማሩ። ከወገናቸው ሴቶች የሕግ ዲግሪ በመያዝ የመጀመሪያዋ ሆኑ። በ1948 ኮሚኒስት ፓርቲ ገቡ፤ ጥብቅና ከጀመሩ ገና ብዙም አልቆዩም። ፓርቲው ያኔ ይታደን ስለነበር እስር ቤትም ቀመሱ።

በ1957 የገቢዎች ሚኒስትር ሆኑ። «ገቢዎች» ሲባል ቀረጥና ግብር ብቻ እንዳይመስላችሁ። በህንድ መሬት ያለው እዚያ መሥሪያ ቤት ነው። መንግሥቱ በኤፕሪል 5 ቃለ መሐላ ፈጸመ፤ በ11 ጭሰኛን ከመሬቱ ማስነሳት የሚከለክል ድንጋጌ ወጣ። ስድስት ቀን! ለምን እንደቸኮሉ የእኛ አገር ሰው ይገባዋል። የመሬት ሕግ ሊመጣ ነው ከተባለ ባለመሬቱ መጀመሪያ የሚያደርገው ጭሰኛውን ማባረር ነው። ሕጉ ሲደርስ መሬቱ ላይ ሰው አይገኝም።

ዋናው ሕግ ምክር ቤቱን ለማለፍ እስከ ጁን 1959 ወሰደ። በዚያው ሰሞን ባለርስቶቹ፣ በትምህርት ሕጉ የተቆጣችው የካቶሊክ ቤተ ክርስቲያን፣ ከፍ ያለ ወገን የሚባሉት የናየሮች ማኅበርና የጠቅላይ ሚኒስትር ኔህሩ ኮንግረስ ፓርቲ አብረው አደባባይ ወጡ። ጁላይ 31 የኔህሩ ማዕከላዊ መንግሥት የኬራላን መንግሥት አፈረሰው። ሕጉንም በኋላ ፍርድ ቤት ገነጣጠለው።

በ1967 ተመልሰው እዚያው ወንበር ተቀመጡ። በ1969 ሕጉ በማሻሻያ ጥርስ አወጣ። መንግሥታቸው ግን በዚያው ዓመት ወደቀና ሥራ ላይ ማዋሉ ለሌላ ሰው ደረሰ። ከጃንዋሪ 1 ቀን 1970 ጀምሮ ጭሰኝነት ቀረ። እኔን ከሁሉ በላይ የሚገርመኝ የጎጆው ጉዳይ ነው። በሰው መሬት ላይ ጎጆ ቀልሶ የሚኖር፣ ባለመሬቱ ባኮረፈ ቀን ጓዙን የሚጠቀልል ድሃ፣ የቆመባትን ቁራሽ በትንሽ ዋጋ የመግዛት መብት አገኘ። በገጠር እስከ 10 ሴንት። ሴንት የአክር አንድ መቶኛ ናት፤ 10 ሴንት ወደ 400 ካሬ ሜትር ይሆናል። ለጓሮ አትክልትና ለአንድ ሁለት የኮኮናት ዛፍ አያንስም።

ጉድለት የለውም አልልም። የሻይና የጎማ እርሻዎች ከሕጉ ውጭ ቀሩ። ከሁሉ በታች የነበሩት ዳሊቶች ብዙዎቹ የቤት ቦታ እንጂ የሩዝ ማሳ አላገኙም።

ትዳራቸውም ከፓርቲው ጋር ነው የተሰነጠቀው። ቲ ቪ ቶማስን በ1957 ሲያገቡ ሁለቱም የአንድ ካቢኔ ሚኒስትሮች ነበሩ። በ1964 ፓርቲው ለሁለት ሲከፈል እሳቸው በአንዱ፣ ባላቸው በሌላው ቆሙ። በ1967 እንደገና አንድ ካቢኔ ውስጥ ተገናኙ፤ ግን በሁለት ፓርቲ ስም። ትዳሩ በዚህ ቀረ።

በ1987 ደግሞ ምርጫው የተካሄደው በእሳቸው ስም ነው ማለት ይቻላል። «ኮኮናት የሞላባትን ኬራላ ጎውሪ ይግዟት» እየተባለ ተዘመረ። ድሉ ሲመጣ የመሪነቱ፣ የዋና ሚኒስትሩ ወንበር ለፓርቲ ጓዳቸው ለናያናር ተሰጠ። እሳቸው ሚኒስትር ሆኑ። የሴቶች ኮሚሽን የሚያቋቁመውን ረቂቅ ሕግ በ1990 ምክር ቤት ያቀረቡትም እሳቸው ናቸው፤ ኮሚሽኑ የቆመው በ1996 ነው። ኬራላ እስከ ዛሬ ሴት ዋና ሚኒስትር አላየችም።

በጃንዋሪ 1994 ፓርቲው አባረራቸው። 74 ዓመታቸው ነበር። ቤታቸው የሚገቡ መስሏችሁ ከሆነ ተሳስታችኋል፤ የራሳቸውን ፓርቲ መሠረቱ። ይባስ ብሎ ያኔ መንግሥታቸውን ካስፈረሰው ከኮንግረስ ጋር ገጥመው ከ2001 እስከ 2006 ሚኒስትር ሆኑ። ይህን አልወድላቸውም። አስተማሪያችን ቢሰሙ ምን ይሉ እንደነበር እንጃ።

ግን አንድ ነገር ልጨምር። በ1996 የኬራላ ምክር ቤት ከአዲቫሲዎች፣ ከነባሮቹ የጎሳ ሕዝቦች፣ የተወሰደ መሬት ለባለቤቶቹ ይመለስ የሚለውን የ1975 ሕግ የሚያለዝብ ማሻሻያ ለድምፅ አቀረበ። ግራውም ቀኙም እጁን አነሳ። የተቃወሙት ጎውሪ አማ ብቻ ነበሩ። 77 ዓመታቸው ነው። ከዚያ በኋላ ሌላ 25 ዓመት ኖረው በሜይ 2021 በ101 ዓመታቸው አረፉ።

ጽሑፋችሁ ድረ ገጻችሁ ላይ አሁንም አለ። «መንግሥት የመሬት ሕጉን አቀረበ» የሚለው ቦታ ላይ ስማቸውን ጨምሩበት። ሦስት ቃል ናት።

አክባሪያችሁ፣
ጡረተኛ መምህር፣ ከደሴ