ጌሙ አልጠፋም፣ ላይብረሪው ውስጥ ነው

ለዝግጅት ክፍሉ፣

ኮንሶል (የጌም መጫወቻ ማሽን) ያለው ሰው ሁሉ አንድ ቀን «የገዛሁት ጌም ጠፋ» ማለቱ አይቀርም። አብዛኛውን ጊዜ ግን ከዋናው ገጽ ወረደ እንጂ አልጠፋም። በፕሌይስቴሽን 5 የጌሞቹን ረድፍ እስከ ቀኝ ጫፍ ሄዳችሁ «ጌም ላይብረሪ»ን ክፈቱ። አንዱ ክፍል የተጫኑትን ብቻ፣ ሌላው ያላችሁን ሁሉ ያሳያል። እዚያም ካጣችሁት፣ የገባችሁት በተገዛበት አካውንት መሆኑን እዩ። የዲስክ ጌም ደግሞ ቢጫንም ዲስኩ ካልገባ አይከፈትም።

ዋናው ራስ ምታት ቦታ ነው። የመጀመሪያው ሞዴል 825 ጊጋባይት ይባል እንጂ ለጌም የሚተርፈው 667 ገደማ ነው። ጌም ስታጠፉ ሴቩ፣ ማለትም የደረሳችሁበት ቦታ መዝገብ፣ አብሮ አይጠፋም፤ ስለዚህ ሳትሳሱ አጥፉ፣ ሲያምራችሁ መልሳችሁ አውርዱ። ኢንተርኔታችሁ ቀርፋፋ ከሆነ ግን ወደ ዩኤስቢ ሃርድ ዲስክ ማዛወር ይሻላል። ሃርድ ዲስኩ ቢያንስ 250 ጊጋባይት ይሁን፤ በዩኤስቢ ማከፋፈያ (ሀብ) ሳይሆን በቀጥታ ኮንሶሉ ላይ ይሰካ። ፎርማት ስለሚደረግ በላዩ ያለው ፎቶም ሰነድም ይጠፋል፣ ቀድማችሁ አውጡት። የፕሌይስቴሽን 4 ጌሞች ከዚያው ሆነው ይሠራሉ፤ የ5ቱ ግን ወደ ውስጥ ካልተመለሱ አይነሡም።

ከአክብሮት ጋር
አንድ አንባቢ