ዘንድሮ ዳገቱ ላይ እንቁም

ውድ አባላት፣

የቦስተን ማራቶን እንደ ወትሮው በኤፕሪል ሦስተኛ ሰኞ ነው። አምና መጨረሻው መስመር አጠገብ ቆመን ከሰው ትከሻ በስተቀር ያየነው የለም። ስለዚህ ዘንድሮ ኒውተን ውስጥ «ልብ ሰባሪ» የሚሉት ዳገት ላይ እንሰባሰብ።

ሩጫው እ.ኤ.አ. በ1897 በ15 ሯጮች ተጀመረ፤ በየዓመቱ ከሚካሄዱ ማራቶኖች አንጋፋው ነው። መነሻው ከ1924 ወዲህ ሆፕኪንተን ናት። ከዚያ መንገዱ ቁልቁል ይወርዳል፤ አዲስ ሯጭም እግሬ ቀለለኝ ብሎ የሚሳሳተው እዚያ ነው። ቁልቁለቱ ጭኑን እንደጨረሰው የሚያውቀው የኒውተን አራት ዳገቶች ሲጀምሩ ነው። የመጨረሻው፣ እኛ የምንቆምበት፣ ከፍታው 27 ሜትር ብቻ ነው። ለእግረኛ ዳገት አይባልም፤ 33ኛው ኪሎ ሜትር አካባቢ ሲገጥም ግን ሌላ ነው። አበበ ቢቂላ እንኳ በ1963 ከማሞ ወልዴ ጋር ሲመራ ቆይቶ 5ኛ ወጥቷል።

ድሉ በኋላ መጣ። አበበ መኮንን በ1989 አሸነፈ፤ ፋጡማ ሮባ ከ1997 እስከ 1999 በተከታታይ ሦስት ጊዜ። በ2013 ፍንዳታ የደረሰ ጊዜ ያሸነፈው ሌሊሳ ዴሲሳ ሜዳልያውን ለከተማዋ መልሶ ሰጥቷል።

መንገዶች ስለሚዘጉ መኪና አታምጡ፤ በባቡር ኑ። ወፍራም ልብስ ያዙ፣ የኤፕሪል ፀሐይ አትታመንም። ቡናውን በፔርሙስ እኔ አመጣለሁ፤ ስኒ ግን የየራሳችሁን።