ቤንጃሚን ዴ ኦሊቬይራ የሰርከስ ሰው ነው

ለዝግጅት ክፍሉ፣

ስለ ብራዚላዊው ቀልደኛ ቤንጃሚን ዴ ኦሊቬይራ ያወጣችሁት ጽሑፍ ሰውየውን «የድምፅ አልባ ፊልም ኮከብ» ይለዋል፤ ፊልም ድምፁን ስለነጠቀው ወደ ሰርከስ ተመለሰም ይላል። ከሰርከስ መቼ ወጣና ነው የሚመለሰው?

ቤንጃሚን በ1870 ሚናስ ዤራይስ ውስጥ ከባሪያ ቤተሰብ ተወለደ (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው)። በ12 ዓመቱ በከተማው ያለፈ ሰርከስ ተከትሎ ጠፋ። ስሙ የገነነው ሪዮ ዲ ጃኔሮ ውስጥ፣ በስፒኔሊ ሰርከስ ነው። እዚያ ዝላይና ቀልዱ ካለቀ በኋላ ሙሉ ቲያትር በድንኳኑ ውስጥ ማሳየትን አስለመደ፤ በ1910 የሙዚቃ ደራሲውን የሌሃርን ታዋቂ ኦፔሬታ (ዘፈን የበዛበት ቀለል ያለ ቲያትር) ሳይቀር በሰርከስ አቅርቧል። ደራሲም፣ ዘፋኝም፣ አዘጋጅም እሱ ነበር።

ፊልሙ በ1908 አንቶኒዮ ሌያል ያነሣው «ኦስ ጓራኒስ» ነው። ለካሜራ ተብሎ የተጻፈ ነገር የለውም፤ ከብራዚላዊው ደራሲ ከአሌንካር ልብ ወለድ ተወስዶ በሰርከሱ ይታይ የነበረው ፓንቶሚም ነው የተቀረጸው። ቤንጃሚን የልብ ወለዱን ጀግና ፔሪን ሆኖ ይጫወታል። ፓንቶሚም ቀድሞውኑ ቃል የለውም፤ ስለዚህ ካሜራው የነጠቀው ድምፅ የለም። በዚያ ዘመን አሠራር የሰርከስ ሰው የሚቸገረው ሌላ ቦታ ላይ ነው። በክብ ሜዳ ተመልካቹ ዙሪያውን ተቀምጧል፤ ካሜራው ግን ባለበት ቆሞ ከአንድ ወገን ብቻ ያያል። ሁለት እርምጃ ወደ ጎን ያለ ተዋናይ ከሥዕሉ ይወጣል። የዚያ ዘመን ጥሬ ፊልም ቀይ ብርሃን ስለማይቀበል ቀይ የተቀባ ከንፈር ጥቁር ሆኖ ይወጣል፤ ለድንኳን መብራት የተሠራ ሜካፕ እንዳለ አይሠራም።

ድምፁን ይዞ ወደ ሲኒማ የገባ የመድረክ ቀልደኛ ከፈለጋችሁ፣ በዚያው ከተማ በዚያው ሰሞን ሞልቷል፤ ጽሑፋችሁ የዘለላቸው እነሱን ነው። ከ1908 እስከ 1911 ገደማ ሪዮ ውስጥ «የሚዘፍኑ ፊልሞች» ይሠሩ ነበር። ተዋናዩ ካሜራ ፊት አፉን እያንቀሳቀሰ ይቀረጻል። ፊልሙ ሲታይ ያው ተዋናይ ከነጩ ሸራ ጀርባ ቆሞ የራሱን ምስል አፍ እየተከተለ ይዘፍናል፣ ይናገራል።

ሥራው ቀላል እንዳይመስላችሁ። ማሽኑ በእጅ መዘውር ይዞራል፤ በሴኮንድ 16 ፍሬም (ነጠላ ምስል) ቢሄድ 300 ሜትር ጥቅል 16 ደቂቃ ግድም ይፈጃል። ኦፕሬተሩ እጁ ቢደክምና ወደ 14 ቢወርድ ዘፋኙ ከምስሉ ይቀድማል፤ ቢቸኩል ደግሞ ዘፋኙ ትንፋሽ ያጥረዋል። ፊልም ሲበጠስ የተጎዳው ተቆርጦ ነው የሚቀጠለው። ስምንት ፍሬም ከጠፋ ግማሽ ሴኮንድ ጠፋ ማለት ነው፤ ቀልድ በግማሽ ሴኮንድ ይሞታል! ዘፈን ቢሆን ሙዚቀኞቹ አንድ ምት ዘለው ሊያስተካክሉት ይችላሉ።

ከእነዚህ ስሙ የቀረው በ1910 በሪዮ ብራንኮ ሲኒማ ቤት የታየው «ፓዝ ኢ አሞር» ነው፤ ያነሣው አልቤርቶ ቦቴልዮ ነበር። በወቅቱ ፕሬዚዳንት በኒሎ ፔሳኛ ላይ ያላግጣል። የፊልሙ ንጉሥ ኦሊን ቀዳማዊ ይባላል፤ «ኒሎ» በላቲን ፊደል ከኋላ ሲነበብ ማለት ነው። ተመልካቹ ለመረዳት አልተቸገረም፤ ከ900 ጊዜ በላይ እንደታየም ይጻፋል።

ይህን ሥራ የገደለው የወጪ ስሌት ነው። ከውጭ የመጣ ፊልም ማሽንና ኦፕሬተር ይበቃዋል፤ የሚዘፍን ፊልም ግን በየትርዒቱ ዘፋኝ ይከፈልበታል፣ ተዋናዩ ጉሮሮው ቢዘጋ ትርዒቱ ይቀራል። በ1911 የፍራንሲስኮ ሴራዶር ኩባንያ ተቋቁሞ የውጭ ፊልም ሲያከፋፍል የአገሬው ሥራ እየሳሳ ሄደ። ቤንጃሚን ግን በድንኳኑ ቀጠለ፤ እስከ 1954 ኖሯል።

«ፊልሙን ያየ ሁሉ ይመሰክራል» የሚለው ዓረፍተ ነገራችሁም ይታረም። «ኦስ ጓራኒስ» ጠፍቷል። ከብራዚል የልብ ወለድ ፊልሞች እስከ ዛሬ የተረፈው የመጀመሪያው፣ በ1913 ፔሎታስ ውስጥ የፖርቱጋል የመድረክ ተዋናይ የነበረው ፍራንሲስኮ ሳንቶስ የሠራው አጭር ኮሜዲ ነው፤ የተገኘውም ቁራጩ ብቻ ነው።